ፈረሶቹ ታምፓ ቀሩ፦ የ1898ቱ የ«ራፍ ራይደርስ» ድምፅ አልባ ፊልሞች (የጉዳይ ጥናት)

የዚህ ጥናት መነሻ እጅግ አጭር የሆነ አንድ ድምፅ አልባ ፊልም ነው። ፊልሙ የተነሣው በ1898 በአሜሪካ ፍሎሪዳ ግዛት፣ ታምፓ ከተማ ውስጥ ሲሆን (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የሚያሳየውም «ራፍ ራይደርስ» በሚል ቅጽል ስም የታወቀው የአንደኛው የአሜሪካ በጎ ፈቃደኛ ፈረሰኛ ሬጅመንት አንድ ሻምበል (ማለትም የሬጅመንቱ አንድ ንዑስ ክፍል) በሽምጥ ሲጋልብ ነው። ፊልሙን ለገበያ ያቀረበው ካታሎግ ግልቢያው በከብት ጠባቂዎች ወኔ የተሞላ መሆኑን፣ ጋላቢዎቹ የሻምበል «አይ» ሰዎች መሆናቸውን፣ ፊልሙም የተነሣው ታዋቂው ሬጅመንት ወደ ግንባር ከመዝመቱ በፊት መሆኑን ይገልጻል።

ከእነዚህ መረጃዎች ውስጥ አንዱም ሐሰት አይደለም። ችግሩ ካታሎጉ ሳይናገር ያለፈው ነገር ላይ ነው። ሬጅመንቱ ወደ ኩባ ሲዘምት ፈረሶቹን ትቶ ነበር የሄደው፤ ሻምበል «አይ» ደግሞ ፈረሶቹን እየጠበቁ ታምፓ እንዲቀሩ ከታዘዙት አራት ሻምበሎች አንዱ ነበር። ስለዚህ በኒው ዮርክም ሆነ በሌላ ከተማ ቲያትር ቤት ተቀምጦ የጦርነቱን ዋዜማ አየሁ ብሎ ያጨበጨበ ተመልካች፣ ያየው ጦርነቱ ላይ ያልደረሱ ሰዎች ጦርነቱ ላይ ባልደረሱ ፈረሶች ተቀምጠው ያደረጉትን ግልቢያ ነበር። ይህ የሆነው ፊልም አንሺው ሊያታልል ስለፈለገ አይመስለኝም። በዚያ ዘመን ካሜራው ማየት የሚችለው ነገርና ጦርነቱ የሆነው ነገር ተለያይተው ስለነበር ነው። እንዴት እንደተለያዩ ለማየት ጉዳዩን ከፈረሱና ከካሜራው ግንኙነት መጀመር ይሻላል።

ፈረስ ከተንቀሳቃሽ ምስል ጋር የተዋወቀው ሲኒማ ከመወለዱ አስቀድሞ ነው። ኤድዋርድ ማይብሪጅ በ1878 በካሊፎርኒያ ፓሎ አልቶ፣ በባለሀብቱ ሊላንድ ስታንፎርድ የፈረስ እርሻ ላይ ካሜራዎችን በተርታ ደርድሮ፣ የሚጋልብ ፈረስ አራቱም ኮቴዎች ባንድ ጊዜ ከመሬት የሚነሱበት ቅጽበት መኖሩን በፎቶግራፍ አሳይቷል። የሉሚየር ወንድማማቾች ደግሞ ታኅሣሥ 28 ቀን 1895 በፓሪሱ ግራን ካፌ ምድር ቤት ገንዘብ ለከፈለ ሕዝብ ካሳዩዋቸው አሥር አጫጭር ፊልሞች አንዱ፣ አንድ ሰው ፈረስ ላይ ለመውጣት እየሞከረ የሚወድቅበት ወታደራዊ ቀልድ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ደረታቸውን በብረት የሸፈኑት የፈረንሳይ ከባድ ፈረሰኞች በካሜራው ፊት ጋለቡ፤ ይህም ፊልም በ1896 አሜሪካ ደርሶ በተመልካች ዘንድ ተወዳጅ ሆነ። ሲኒማ ገና ታሪክ መተረክ ባልተማረበት በዚያ ጊዜ ተመልካች የሚከፍለው እንቅስቃሴን ለማየት ነበር፤ ከባቡር፣ ከማዕበልና ከፈረሰኛ የበለጠ እንቅስቃሴ ደግሞ በቀላሉ አይገኝም።

እዚህ ላይ ስለ ስሌቱ ትንሽ ማለት ያስፈልጋል፤ ስለ እነዚህ ፊልሞች የሚጻፈው አብዛኛው ነገር ስሌቱን ይዘለዋልና። የዚያ ዘመን ካሜራ ባለ ሦስት እግር መቆሚያ ላይ ተተክሎ የሚቀር ዕቃ ነው። የሉሚየር ካሜራ እጀታው በእጅ እየዞረ በሴኮንድ ወደ 16 ምስሎች ያነሣ ነበር፤ የፊልሙ ርዝመት 17 ሜትር ያህል ስለነበር ሁሉም ነገር በ50 ሴኮንድ ገደማ ያበቃል። በሽምጥ የሚጋልብ ፈረስ በሴኮንድ 10 ሜትር ይሄዳል ብንል፣ በአንዱ ምስልና በሚቀጥለው መካከል ከ60 ሴንቲ ሜትር በላይ ተጉዟል ማለት ነው። ካሜራው ከመንገዱ ጎን ቆሞ 15 ሜትር ስፋት ያለው ሜዳ የሚያይ ቢሆን፣ አንዱ ፈረስ ከአንድ ሴኮንድ ተኩል በኋላ ከዓይን ይሰወራል፤ የሚተርፈውም የደበዘዘ ምስል ነው። ያው ፈረስ ከ200 ሜትር ርቀት ተነሥቶ ወደ ካሜራው ቢመጣ ግን 20 ሴኮንድ ሙሉ ይታያል፣ መጀመሪያ ነጥብ፣ ቀጥሎ አቧራ፣ ከዚያ ደረትና አፍንጫ፣ በመጨረሻም መጋረጃውን ሞልቶ ተመልካቹ ላይ የሚወጣ እስኪመስል ድረስ። የግልቢያ ፊልም አንሺዎች ፈረሰኛውን ፊት ለፊት ወይም በሰያፍ እንዲመጣ ማድረግን ቶሎ የተማሩት ለዚህ ነው።

ይህ ግን አንድ ግዴታ ያስከትላል። ፈረሰኛው ከየት ተነሥቶ በየት እንደሚያልፍ ፊልም አንሺው አስቀድሞ ማወቅ አለበት። ማለትም ግልቢያው የሚደረገው ለካሜራው ሲባል ነው፤ ወይም ቢያንስ ካሜራው የሚያውቀው የልምምድ ሜዳ ላይ ነው። ጠላት ካለበት ሜዳ ላይ እንዲህ ያለ ቀጠሮ የለም።

ጦርነቱን በአጭሩ እንለፈው። የካቲት 15 ቀን 1898 «ሜይን» የተባለችው የአሜሪካ የጦር መርከብ ያኔ በስፔን አገዛዝ ሥር በነበረችው ኩባ፣ በሀቫና ወደብ ፈንድታ ከ260 በላይ ሰዎች አለቁ። በሚያዝያ መጨረሻ አሜሪካና ስፔን በይፋ ጦርነት ውስጥ ገቡ። የባሕር ኃይል ረዳት ሚኒስትር የነበረው ቴዎዶር ሩዝቬልት ሥልጣኑን ለቆ በሌተና ኮሎኔልነት አዲሱን የፈረሰኛ ሬጅመንት ተቀላቀለ፤ አዛዡ ኮሎኔል ሌናርድ ውድ ነበር። (ይኸው ሩዝቬልት ኋላ ፕሬዚዳንት ሆኖ በ1903 ሮበርት ስኪነርን ወደ ዐፄ ምኒልክ ልኮ የመጀመሪያውን የኢትዮጵያና የአሜሪካ የንግድ ውል ያስፈረመው ሰው ነው።) ሬጅመንቱ በግንቦት ወር ቴክሳስ ውስጥ በሳን አንቶኒዮ ተሰባሰበ። ከአሪዞና፣ ከኒው ሜክሲኮ፣ ከኦክላሆማና ከኢንዲያን ቴሪቶሪ የመጡ ከብት ጠባቂዎችና ማዕድን ቆፋሪዎች፣ ከምሥራቅ ጠረፍ ዩኒቨርሲቲዎች ከመጡ የሀብታም ልጆች ጋር በአንድ ድንኳን አደሩ። «ራፍ ራይደርስ» የሚለው ስም ያልተገሩ ፈረሶችን የሚጋልቡ ሰዎች እንደማለት ነው። ስሙ አስቀድሞም በሕዝብ ዘንድ የታወቀ ነበር፤ «ቡፋሎ ቢል» በሚል ስም የሚታወቀው ዊሊያም ኮዲ ከከተማ ከተማ እያዞረ በሚያሳየው የፈረስ ትርኢት ማስታወቂያ ላይ ይጠቀምበት ነበርና። ሬጅመንቱ ወደ ጦርነት የሄደው ከትርኢት የተወረሰ ስም ይዞ ነው፤ ይህን ነጥብ በኋላ እንመለስበታለን።

በሰኔ መጀመሪያ ወታደሮቹ ከነፈረሶቻቸው በባቡር ታምፓ ደረሱ። ታምፓ የተመረጠችው ለኩባ ቅርብ በመሆኗ ነው እንጂ ይህን ያህል ሠራዊት ለማስተናገድ የተዘጋጀች ከተማ አልነበረችም። ከከተማዋ ወደ ወደቡ የሚያደርሰው አንድ ነጠላ የባቡር ሐዲድ ብቻ ሲሆን፣ ርቀቱም 9 ማይል ያህል ነበር። ፊልም አንሺዎቹ የደረሱት ግን ከራፍ ራይደርስ ቀድመው ነው። ለኤዲሰን ኩባንያ ይሠራ የነበረው ዊሊያም ፔሊ አስቀድሞ የሰመጠችውን የ«ሜይን»ን ስብርባሪና በኪ ዌስት የተካሄደውን የሟቾች ቀብር አንሥቶ ነበር፤ በታምፓም የጦር ሰፈሩን፣ ከባቡር የሚወርዱ ወታደሮችን፣ የሚራገፍ የፈረሰኛ ጦር ስንቅን እየተከተለ አነሣ። ቲያትር ቤቶች በዚያ ሰሞን የማሳያ መሣሪያዎቻቸውን «ዋርግራፍ» የሚል አዲስ ስም እየሰጡ ከጦርነቱ ጋር የተያያዘ ማንኛውንም ምስል ይሻሙ ነበር።

ፔሊ በታምፓ ካነሣቸው ፊልሞች መካከል እኔ ከሁሉ አስበልጬ የማየው የዘጠነኛው ፈረሰኛ ሬጅመንት ወታደሮች ፈረሶቻቸውን ውኃ ሲያጠጡ የሚያሳየውን ነው። ዘጠነኛውና አሥረኛው ፈረሰኛ ከአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት በኋላ የተቋቋሙ፣ ተራ ወታደሮቻቸው በሙሉ ጥቁር አሜሪካውያን የሆኑ መደበኛ ሬጅመንቶች ነበሩ፤ በምዕራቡ ሜዳ ለዓመታት የዘመቱ፣ ፈረስን ከበጎ ፈቃደኞቹ በተሻለ ሥርዓት የሚያውቁ ሰዎች ናቸው። በፊልሙ ላይ ማንም ሰይፍ አይመዝም፤ ማንም ወደ ካሜራው አይጮኽም። ፈረሶች ይመጣሉ፣ ፈረሶች ይሄዳሉ። ፈረስ የያዘ ጦር የቀኑን አብዛኛውን ሰዓት የሚያሳልፈው እንዲህ በማጠጣት፣ በመመገብና በመጎተት እንደሆነ የሚያውቅ ሰው፣ ከማንኛውም ግልቢያ ይልቅ ይህን ፊልም የፈረሰኛ ሕይወት እውነተኛ መዝገብ አድርጎ ይወስደዋል። ሆኖም እንዲህ ያለ ፊልም ለአጨብጫቢ አዳራሽ የሚመች አይደለም፤ የሻምበል «አይ» ግልቢያ ግን ይመቻል።

ወደዚያው ግልቢያ እንመለስ። በሰኔ 7 ማታ ሬጅመንቱ በፍጥነት ወደ ወደብ እንዲወርድ ትእዛዝ ደረሰው። የተሰበሰቡት መርከቦች ይይዛሉ ተብሎ የታሰበው 25,000 ሰው ሲሆን፣ በተግባር ግን 17,000 ያህል ብቻ እንደሚይዙ ታወቀ። ሰው እየቀረ ፈረስ ሊጫን አይችልም። ስለዚህ የፈረሰኛ ሬጅመንቶች፣ መደበኞቹም ሆኑ በጎ ፈቃደኞቹ፣ ከመኮንኖች ፈረሶችና ጭነት ከሚሸከሙ በቅሎዎች በቀር በእግር እንዲዘምቱ ተወሰነ። ከራፍ ራይደርስ አሥራ ሁለት ሻምበሎች ስምንቱ ብቻ፣ በጠቅላላው 560 ሰው ያህል፣ እንዲሄዱ ተፈቀደ። «ሲ»፣ «ኤች»፣ «አይ» እና «ኤም» የተባሉት ሻምበሎች ከፈረሶቹ ጋር ቀሩ። ሩዝቬልት ኋላ በጻፈው ማስታወሻ፣ እንዲቀሩ ከታዘዙት መኮንኖችና ወታደሮች ያለቀሱ እንደነበሩ ይናገራል።

የተመረጡትም ቢሆኑ መንገዳቸው የተስተካከለ አልነበረም። የመጓጓዣ ባቡር ስላላገኙ የድንጋይ ከሰል መጫኛ ፉርጎ ላይ ተሳፍረው ጥላሸት ለብሰው ወደቡ ደረሱ፤ ለሌሎች ሬጅመንቶች ተመድባ የነበረችውን «ዩካታን» የተባለች መርከብም ቀድመው በመግባት ያዙ። ከዚያም የስፔን የጦር መርከቦች ታይተዋል የሚል ወሬ በመናፈሱ፣ ጉዞው እስከ ሰኔ 14 ተራዘመና ከሰው በላይ በተጫነ መርከብ ላይ በሚያቃጥል ፀሐይ ሳምንት ያህል ተቀመጡ። በውዴታ የፈረሰኛ ጦር የተቀላቀሉ ሰዎች በኩባ ጭቃ ውስጥ በእግር መጓዝ ሲጀምሩ፣ ስማቸው በጓዶቻቸው ቀልድ «የ(ኮሎኔል) ውድ ደካማ እግረኞች» ወደሚል ተለወጠ።

በሰኔ 22 ጦሩ ዳይኪሪ በተባለ የኩባ የባሕር ዳርቻ መውረድ ጀመረ። የሚያገለግል የመርከብ ማቆሚያ ስላልነበረ፣ እንስሳቱ ከመርከቡ ወደ ባሕር ተወርውረው ራሳቸው ዋኝተው እንዲወጡ ተደረገ። ፔሊ በቅሎዎቹ እየዋኙ ወደ ዳር ሲወጡ አንሥቷል። ከሩዝቬልት ሁለት ፈረሶች አንዱ፣ «ሬይን ኢን ዘ ፌስ» የተባለው፣ ሰጠመ፤ «ቴክሳስ» የሚባለው ግን በሕይወት ወጣ። አንዳንዶቹ ፈረሶች አቅጣጫ ጠፍቷቸው ወደ ውቅያኖሱ መዋኘት ሲጀምሩ፣ በዳር የቆመ አንድ ጡሩምባ ነፊ የፈረሰኛ ጥሪ ነፍቶ እንደመለሳቸው በታሪክ መጻሕፍት ተደጋግሞ ይተረካል። ነገሩ በትክክል እንዲያ ሆኖ ከነበረ፣ በዚያ ዘመቻ ውስጥ የፈረሰኛ ጡሩምባ ፈረሶችን በጅምላ ያንቀሳቀሰበት ብቸኛው ጊዜ ይመስለኛል፤ ካሜራው ደግሞ ድምፅ አይቀዳም ነበር።

ከሁለት ቀን በኋላ በላስ ጓሲማስ የመጀመሪያው ውጊያ ተደረገ። ራፍ ራይደርስ በጫካ መካከል በሚያልፍ ጠባብ መንገድ በሰልፍ ሲጓዙ ከስፔን ወታደሮች ተኩስ ተከፈተባቸው። የስፔን ወታደሮች የያዙት ማውዘር ጠመንጃ ጭስ በሌለው ባሩድ ይተኩስ ስለነበር፣ ተኩሱ ከየት እንደሚመጣ ማየት አስቸጋሪ ነበር። በዚያ ቀን 16 አሜሪካውያን ተገደሉ፤ ከእነዚህ ስምንቱ ራፍ ራይደርስ ነበሩ። ይህን ውጊያ ፊልም አንሺ እንዴት አድርጎ ሊያነሣው ይችል እንደነበር እናስብ። ጠላት አይታይም፤ ጭስ እንኳ የለም። የራስ ወገን በሣር ውስጥ ተኝቷል፤ ጫካው ደግሞ ብርሃን ይከለክላል። ካሜራው እዚያ ቆሞ ቢሆን ኖሮ የሚቀዳው የማይነቃነቅ ቅጠል ብቻ ነበር። ፔሊ ራሱ ወደ ሳንቲያጎ በሚወስደው መንገድ ላይ ጥይት የተሸከሙ በቅሎዎችንና የጦሩን አዛዥ ጄኔራል ሻፍተርን ማንሣት ችሎ ነበር፤ ዋናው ውጊያ ግን አላገኘውም፤ ካሜራው ተበላሽቶ፣ እሱም በትኩሳት ታሞ ተመለሰ።

ዋናው ውጊያ የተደረገው ሐምሌ 1 ነው። ከፈረሳቸው የወረዱት የፈረሰኛ ሬጅመንቶች በሳን ሁዋን ከፍታዎች ፊት ለፊት፣ አሜሪካውያን «ኬትል ሂል» ብለው የሰየሙትን ኮረብታ እንዲይዙ ታዘዙ። የተሳተፉት ራፍ ራይደርስ ብቻ አልነበሩም፤ አንደኛው፣ ሦስተኛው፣ ስድስተኛው፣ ዘጠነኛውና አሥረኛው መደበኛ ፈረሰኛም ነበሩበት። በአቀበቱ ላይ ሬጅመንቶቹ ተደበላለቁ፤ ነጩና ጥቁሩ ወታደር ጎን ለጎን ወጣ። የአሥረኛው ፈረሰኛ ሳጅን ጆርጅ ቤሪ ከራሱ ሬጅመንት ዓርማ ጋር፣ ተሸካሚው የወደቀበትን የሦስተኛውን ፈረሰኛ ዓርማም ይዞ ኮረብታውን እንደወጣ ተመዝግቧል። በፈረስ ከነበሩት ጥቂቶች አንዱ ሩዝቬልት ነው፤ «ቴክሳስ»ን እየጋለበ ወጥቶ ጫፉ ሊደርስ 40 ያርድ ገደማ ሲቀረው የሽቦ አጥር አጋጠመውና ወርዶ በእግሩ ቀጠለ። እንግዲህ «ታላቁ የራፍ ራይደርስ የፈረስ ግልቢያ» ተብሎ በብዙ ሰው አእምሮ የተሳለው ነገር፣ አንድ ሰው በአንድ ፈረስ እስከ አንድ የሽቦ አጥር ድረስ ያደረገው ጉዞ ነው።

ታዲያ ሕዝቡ ሙሉ ሬጅመንት በፈረስ ሲያጠቃ ያየ የመሰለው ከየት ነው? አንዱ መልስ ስሙ ነው፤ «ፈረሰኛ» የተባለ ጦር ፈረስ እንደሌለው ካልተነገረ ማንም አይጠረጥርም። ሠዓሊው ፍሬድሪክ ሬሚንግተን በዚያው ዓመት የሠራው ታዋቂ ሥዕል እንኳ በዚህ ረገድ ሐቀኛ ነው፤ ሩዝቬልትን ብቻ በፈረስ ላይ አስቀምጦ የቀሩትን በእግር ሲሮጡ ያሳያል። ፊልሙ ግን የሚያሳየው የተገላቢጦሹን ነው፣ ሁሉም በፈረስ፣ ሁሉም በሽምጥ። ሥዕሉ የሠዓሊ ምናብ እንደሆነ ተመልካቹ ያውቃል፤ ፊልሙን ግን በካሜራ ፊት በእርግጥ የሆነ ነገር ስለሆነ ያምነዋል። መሆኑም እውነት ነው፤ ታምፓ ላይ ሆኗል። የታምፓው ምስል በኩባ ዜና ማግስት ሲታይ፣ ሁለቱን የሚለየው ሰፊ ባሕርና አንድ የመርከብ እጥረት ከአዳራሹ ውስጥ አይታይም።

በ1899 የኤዲሰን ኩባንያ ክፍተቱን ራሱ ሞላው። በሰኔ ወር በስሙ ካስመዘገባቸው ፊልሞች አንዱ የራፍ ራይደርስን ግጭት፣ ሌላው ደግሞ በኤል ካኔይ በራፍ ራይደርስ የታገዘ የእግረኛ ጦር ማጥቃትን እናሳያለን የሚሉ ነበሩ። ሁለቱም ከኩባ ርቀው አሜሪካ ውስጥ በትወና የተሠሩ ናቸው። በሁለተኛው ፊልም እግረኛው እየተኮሰ፣ እየተንበረከከ፣ እንደገና እየተኮሰ መንገዱን ይዞ ይመጣል፤ ቀጥሎም ፈረሰኞቹ ሽጉጥ እየተኮሱ በሽምጥ ያልፋሉ። ኤል ካኔይ በእርግጥ ሐምሌ 1 ቀን ከባድ ውጊያ የተደረገበት መንደር ነው፤ ራፍ ራይደርስ ግን በዚያ ቀን እዚያ አልነበሩም፤ ቢኖሩም ፈረስ አልነበራቸውም። እንደ ፊልም ግን ከታምፓው ግልቢያ የተሻለ የተቀናበረ ነው፤ ዝግተኛው እግረኛ መጀመሪያ መምጣቱ የፈረሰኛውን ፍጥነት ያጎላዋል፤ መንገዱም ሁሉንም ወደ ካሜራው ያደርሳቸዋል። ሠሪዎቹ የጦርነቱን ካርታ ባይከተሉም የካሜራቸውን ባሕርይ በሚገባ ያውቁ ነበር። በዚያው ዓመት የቡፋሎ ቢል ትርኢትም የሳን ሁዋንን ውጊያ በሜዳ ላይ እያስመሰለ አቀረበ፤ ከተሳታፊዎቹ መካከል የቀድሞ የራፍ ራይደርስ ወታደሮች ነበሩበት። ከትርኢት የተወሰደው ስም ወደ ትርኢቱ ተመለሰ ማለት ነው።

የምስሉ አለመመጣጠን የነካው ሌላም ወገን አለ። በ1899 ሩዝቬልት ስለ ዘመቻው በጻፈው ላይ፣ በኮረብታው ላይ ጥቁር ወታደሮች ያለ ትእዛዝ ወደ ኋላ መሄድ ጀምረው ሽጉጥ አውጥቶ እንዳስቆማቸው ተረከ። የአሥረኛው ፈረሰኛ ወታደር የነበረው ፕሬስሊ ሆሊዴይ ለ«ኒው ዮርክ ኤጅ» ጋዜጣ በላከው ደብዳቤ፣ ሰዎቹ የሄዱት ታዘው መሆኑን በመግለጽ ተቃወመው። በዚህ ክርክር ላይ የሚመሰክር ፊልም የለም፤ ሊኖርም አይችልም ነበር። ተመልካቹ በእጁ የነበረው ምስል በአንድ በኩል በሩዝቬልት ስም የተጠራ ሬጅመንት እየጋለበ፣ በሌላ በኩል ዘጠነኛው ፈረሰኛ ፈረስ እያጠጣ ነው። ማን ተዋጋ፣ ማን አገለገለ የሚለውን ፍርድ እንዲህ ያሉ ምስሎች ብቻቸውን ያዛባሉ ባልልም፣ የጊዜው ጋዜጦች ለሩዝቬልት ያደሉትን ሚዛን እንዳላቀኑት ግን ግልጽ ነው።

ከጦርነቱ በኋላ ስምንቱ ሻምበሎች ከኩባ፣ አራቱ ደግሞ ከፍሎሪዳ ተነሥተው በኒው ዮርክ ግዛት ሞንቶክ በተባለ ቦታ እንደገና ተገናኙ። ታምፓ የቀሩትም በሽታና ሙቀት አድክሟቸው ነበር፤ ክብሩ ግን አልደረሳቸውም። ሬጅመንቱ ከፈረሶቹ ጋር በአንድ ሜዳ እንደገና የተሰለፈው በዚህ መልክ፣ ጦርነቱ ካበቃ በኋላ ነው። በመስከረም አጋማሽ ሲበተን ወታደሮቹ ለሩዝቬልት የሰጡት ስጦታ ሬሚንግተን የቀረጸው፣ በሚዘል ፈረስ ላይ ያለ ከብት ጠባቂ የነሐስ ምስል ነበር። ሩዝቬልት በኅዳር የኒው ዮርክ ገዥ ሆኖ ተመረጠ፤ ሦስት ዓመት ሳይሞላ ፕሬዚዳንት ሆነ።

የዚያን ዘመን ፊልሞች ዛሬ ማየት የምንችለው በአንድ የሕግ ክፍተት ምክንያት ነው። የአሜሪካ የቅጂ መብት ሕግ እስከ 1912 ድረስ ፊልምን እንደ ፊልም አያውቀውም፤ ፎቶግራፍን ግን ያውቃል። ስለዚህ ኩባንያዎቹ ፊልሞቻቸውን ምስል በምስል በፎቶግራፍ ወረቀት ጥቅል ላይ እያተሙ ለኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ያስረክቡ ነበር። በቀላሉ የሚቀጣጠለውና የሚበሰብሰው የመጀመሪያው ፊልም ሲጠፋ ወረቀቱ ተረፈ፤ ከ1950ዎቹ ጀምሮም ኬምፕ ናይቨር የተባለ ባለሙያ ጥቅሎቹን እንደገና ወደ ፊልም ገለበጣቸው። ወረቀት ላይ አልፎ የመጣ ምስል ጥራቱ ይቀንሳል፤ የፈረስ እግርና የአቧራ ደመና የሚለያዩበት መስመር ይደበዝዛል። ፊልሙ ከተነሣበት ፍጥነት በላይ ሲታይ ደግሞ ግልቢያው ከእውነቱ የፈጠነ ይመስላል፤ ዛሬ እነዚህን ፊልሞች ለሚያይ ሰው የመጀመሪያው ምክሬ በዝግታ እንዲያያቸው ነው።

የሻምበል «አይ» ግልቢያ ዛሬም በቤተ መጻሕፍቱ የስፔንና አሜሪካ ጦርነት ፊልሞች ስብስብ ውስጥ፣ ከዳይኪሪ በቅሎዎችና ከዘጠነኛው ፈረሰኛ ፈረሶች ጋር ተቀምጧል። ከጎኑ ያለው መግለጫ ያው የጥንቱ የካታሎግ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ሬጅመንቱ ወደ ግንባር ከመሄዱ በፊት ይላል እንጂ የትኛው ሻምበል እንደሄደ፣ ፈረሶቹም እንደቀሩ አይጨምርም።